ቅሉ ውስጥ ያልገቡት

ባየን ሊቀመንበር ያደረገው ዝናብ ነው። ይህን ራሱም አይክድም፤ እንዲያውም ሳይጠይቁት ይናገራል። እንዲህ ሲል ጥፋቱን ከራሱ ላይ አውርዶ ሰማዩን የሚያሸክም ይመስለው ነበር።

በ1967 ዓ.ም. የዘመቻ ተማሪዎች ካኪያቸውን ለብሰው ከሚዛን ተፈሪ ወጣ ብሎ ወዳለው መንደር ሲደርሱ ባየ ሠላሳ ዓመቱ ነበር። ከከምባታ በእግሩ የመጣ፣ የሰው ቡና የሚለቅም፣ በሰው መሬት ላይ ጎጆ የቀለሰ ሰው ነው። መሬት ለአራሹ ታወጀ፤ የገበሬ ማኅበር ይቋቋም ተባለ፤ ሦስት ዕጩዎች ቀረቡ። አንዱ የአገሬው የቤንች ሽማግሌ፣ ሁለተኛው ባዘዘው የሚባል የባለመሬቱ የቀድሞ ተቆጣጣሪ፣ ሦስተኛው ባየ። ባየን ማን እንደጠቆመው አልታወቀም። ሦስት መሙላት ስላለበት ይሆናል።

የምርጫው ሥርዓት ቀላል ነው፤ ዕጩዎቹ ተራርቀው ይቆማሉ፣ ሕዝቡ ከሚፈልገው ሰው ኋላ ይሰለፋል፣ ከዘማቾቹ አንዱ ተማሪ ይቆጥራል። ባየን የዚያን ዕለት ወባ ያንቀጠቅጠው ነበርና ሜዳ ላይ መቆም አቅቶት ትልቁን ዋንዛ ተደገፈ። የሚዛን ዝናብ ደግሞ ቀጠሮ አያከብርም። ሰልፉ ሳይያዝ ወረደ። ሕዝቡ ወዲህና ወዲያ ተሯሯጠና ዋንዛው ሥር ተጠለለ። ተማሪው መነጽሩን እየጠረገ ቆጠረ፤ ባየ በከፍተኛ ድምፅ ተመርጧል አለ።

አስተርጓሚው ይህንን በቤንችኛ ሲናገር ወጣቶቹ ሳቁ። ሽማግሌዎቹ ግን አልሳቁም። ስንት ቀን ጠፍቶ የከረመ ዝናብ ልክ በምርጫው ሰዓት ሲመጣ ከዝናብ ጋር መከራከር ደግ አይደለም አሉ። ባዘዘው ይደገም ብሎ ጮኸ፤ ማንም አልሰማውም። ተማሪውም በበኩሉ ታሪክን የሚሠራው ሰፊው ሕዝብ ነው ብሎ ረጅም ንግግር አደረገ። ሰፊው ሕዝብ ዝናቡ እስኪያባራ ቆሞ አዳመጠው። ሌላ ምን ማድረግ ይችላል?

የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ለባየ መጥፎ አልነበሩም፤ ይህን መካድ ነውር ነው። የቡናውን መሬት በገመድ እየለካ አከፋፈለ። በመሠረተ ትምህርት ጊዜ በሠላሳ አራት ዓመቱ ስሙን መጻፍ ተማረ። ማኅተም ሲሰጠው በደረት ኪሱ ያዘው፤ ከዚያ ወዲያ ከኪሱ አልተለየም። መሬት ሲከፋፈል የመጀመሪያውን ደህና ማሳ የሰጠው ለካሰች ነበር፤ ማንም አልተቃወመም፤ ምክንያቱን ሰው ሁሉ ያውቅ ነበርና።

ካሰች የአገሩ የከምባታ ልጅ ናት፤ ከእሱ በፊት ከባሏ ጋር ወደ ቡና አገር የመጣች። ባየ በመጣበት ዓመት ወባ ጥሎት መንገድ ዳር ሲያቃስት አግኝታው ባሏን ጠርታ አሸክማ ቤቷ አስገባችው። ሦስት ሳምንት አጥሚት እያጠጣች፣ ልብሱን እያጠበች አስታመመችው። ያንን ሁሉ አንድ ቀን እንኳ ስታነሳው አልተሰማችም። ባሏ ከሞተ በኋላ የቀራት አንድ ወንድ ልጅ ነው፤ ኃይለሚካኤል። ባየ እትዬ ይላታል። ቤቷ ሲገባ ባርኔጣውን ያወልቃል።

ከዚያ ትእዛዙ በዛ። የቡና ኮታ መጣ፣ መዋጮ መጣ፣ ስብሰባ መጣ። በ1978 የመንደር ምሥረታ መጣና ሰውን ከእንሰቱ ጓሮ ነቅሎ ዛፍ በሌለው ኮረብታ ላይ በመስመር አሰፈረው። በየአንዳንዱ ትእዛዝ ማለቂያ ላይ የባየ ማኅተም ነበረ። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል ይባላል፤ የእሱ ነገር የተለየ ነው፤ አልበላም፣ አልተሻረምም።

የከፋው ብሔራዊ ውትድርናው ነው። በመጀመሪያው ዙር ከአውራጃው የመጣው የፓርቲ ተወካይ ገሠሠ አምስት ወጣት አምጣ አለው። ባየ ተጨነቀ፤ በመጨረሻ መንደሩን ያስቸገሩትን መረጠ። ጠጪውን፣ ዶሮ ሌባውን፣ ያባቱን አጥር ያፈረሰውን። መንደሩ በሆዱ ደስ ሳይለው አልቀረም። ከሁለት ዓመት በኋላ ዶሮ ሌባው አንድ እግሩን አጥቶ በክራንች ተመለሰና የባየ ቤት ደጃፍ ተቀምጦ ከጠዋት እስከ ማታ ዋለ። ውኃ ብቻ ጠየቀ፣ ተሰጠው፣ ጠጣ። ወሰንየለሽ፣ የባየ ሚስት፣ በጓሮ በር መውጣትና መግባት ጀመረች። ባየም ከዚያ ቀን ወዲያ በእጄ ሰው አልመርጥም ብሎ ማለ።

በ1979 ስምንት ሰው ሲጠየቅ ታዲያ ዕጣ አለ። ዕጣውን ከቅርጫ ነው የወሰደው። ለበዓል በሬ የሚያርድ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ ሥጋው ይመደባል፣ እያንዳንዱ ባለድርሻ አንዱ ጭራሮ አንዱ ጠጠር አንዱ ቅጠል ይሰጣል፣ የማን ምን እንደሆነ ያላየ ሰው በየመደቡ ላይ ያስቀምጣል። አንዱ ሻኛ ደረሰው፣ አንዱ አጥንት በዛበት ብሎ ማንም ማንንም አይቀየምም። ባየም ፊቴን አዞራለሁ፣ ልጆቹ የየራሳቸውን ምልክት ቅል ውስጥ ይከታሉ፣ እኔ ስምንት አወጣለሁ አለ። ሰው ሁሉ ይህ ፍትሕ ነው አለ። ገሠሠም ስምንት ሰው እስከተገኘ ድረስ ግድ አልነበረውም።

ከዕጣው በፊት በነበሩት ሁለት ሳምንታት ከባየ ቤት ሰው አልጠፋም። መዝገቡ ላይ ዕድሜያቸው የደረሰ አርባ ሦስት ወጣቶች ነበሩ። ከድር ባለሱቁ መጣ፤ ልጄ የኅብረት ሥራ ሱቅ ሠራተኛ ነው አለ፤ እውነትም አልፎ አልፎ ይሠራ ነበርና ባየ ማኅተሙን መታለት። በመንግሥት ቡና እርሻ የተቀጠሩት ወረቀታቸውን ይዘው መጡ፤ ደንቡ ነውና መታላቸው። የሚዛን ተማሪዎች መጡ፤ ተማሪ አይነካም። ከተማሪዎቹ አንዱ የገዛ ልጁ በላይነህ ነው፤ አሥራ አንደኛ ክፍል። ለእሱም መታ። ጉቦ አልበላም፤ አንድ ሰው ዶሮ ይዞ ቢመጣ ከነዶሮው መልሶታል። ሁሉም ሰው ምክንያት ነበረው፣ ምክንያቱም ሁሉ እውነትነት ነበረው።

ካሰች ግን አልመጣችም። ባየ ጠበቃት። እትዬ መጥታ አንድ ልጄ ነው ብትለኝ የኅብረት ሥራው ጥበቃ ነው ብዬ እጽፍለታለሁ ብሎ በልቡ አዘጋጅቶ ነበር። አንድ ቀን መንገድ ላይ አገኛት፤ ስለ ዝናብ አወሩ፣ ስለ ቡናው አበባ አወሩ፣ ተለያዩ። ምናልባት ተስማምታበት ይሆናል ብሎ ራሱን አባበለ። እሷ ያልጠየቀችው መጠየቅ የሚያስፈልግ ስላልመሰላት ነው። ሦስት ሳምንት ያስታመመችው ሰው እያለ ለልጇ ደጅ መጥናት እንዳለባት በእውኗም በሕልሟም አላሰበችም። ይህ ለባየ የገባው በኋላ ነው፤ የሚገባው ሁሉ በኋላ ነው የሚገባው።

የዕጣው ቀን ሕዝቡ በማኅበሩ ግቢ ተሰበሰበ። ባየ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ልጆቹ በየተራ የቡና ጀንፈል፣ እሾህ፣ ጠጠር፣ የበቆሎ ፍሬ ከተቱ። ዞሮ ቅሉን ሲያነሳው ቀለለው። አርባ ሦስት ምልክት ያለበት ቅል አልነበረም። ቀና ብሎ የተሰለፉትን ልጆች ቆጠረ፤ አሥራ ዘጠኝ ናቸው። የአንዳቸውም አባት ወረቀት ጽፎ አያውቅም፤ ግማሾቹ አማርኛውን እንኳ በወጉ አይናገሩም። በቅርጫ ያልገባ ሥጋ አያገኝም፤ በዚህኛው ያልገባ ሥጋው ይተርፍለታል። ባየ ይህን የዚያን ጊዜ አየ፤ አየና እጁን ከተተ። ምን ያድርግ? ሕዝቡ ቆሟል፣ ገሠሠ ሰዓቱን ያያል፣ እሱም ፍትሕ ነው ብሎ ተናግሯል።

አምስተኛው ላይ የሸሚዝ ቁልፍ ወጣ፤ ነጭ። የማን ነው ተባለ። ኃይለሚካኤል እጁን አነሳ። የሸሚዙ ደረት ላይ ቁልፉ የተበጠሰበት ክር ተንጠልጥሎ ነበር። ባየ ወደ ካሰች አየ፤ እሷ ቁልፉን ነው የምታየው። ከዚያ ስድስተኛውን አወጣ፣ ሰባተኛውን፣ ስምንተኛውን።

በማግሥቱ ልጆቹ በጭነት መኪና ሄዱ። ባየ ካሰች ቤት ሄደ። ተነስታ ተቀበለችው፣ መቀመጫ ሰጠችው፣ ቆሎ አቀረበችለት። እትዬ ዕጣ ነው፣ የእኔ እጅ የለበትም አላት። አዎ፣ ዕጣ ነው አለችው። ቆሎውን መብላት አቃተው። ከዚያ በኋላ አንድ ደብዳቤ ከአስመራ መጣ፤ ደህና ነኝ፣ ብርድ ነው፣ ላሟን አትሽጪ የሚል። ሌላ አልመጣም።

ባየ ከዚያ ወዲህ የሚመኘው አንድ ነገር ብቻ ሆነ፤ መውረድ። የሚቀጥለው ዕጣ ሳይደርስበት ማኅተሙን ለሌላ ሰው አስረክቦ ቡናውን መልቀም ይፈልጋል። ማታ ማታ እንቅልፍ እንቢ አለው፤ ዝናቡ ባይጥል፣ ወባው ባይነሳብኝ፣ ዋንዛው ባይኖር እያለ ወደ ኋላ ይቆጥራል። ቢቆጥር ቢቆጥር ግን ቅሉ ውስጥ የገባው እጅ የዝናቡ አልሆንልህ አለው። ሚዛን ወርዶ ገሠሠን አገኘው።

«ጓድ ገሠሠ፣ ደከመኝ» አለው። «ሌላ ሰው ይተካ።»

ገሠሠ ክፉ ሰው አልነበረም፤ እሱም የደከመው ይመስል ነበር። «ደከመኝ ብሎ የወረደ ሊቀመንበር አላውቅም። እኔስ ለበላዮቼ ምን ልበል?» አለው። «ሕዝብ መርጦሃል፣ ሕዝብ ያውርድህ። መጋቢት ላይ ስብሰባ አለ፤ አንድ ሰው ተነስቶ ቅሬታ ካቀረበብህ እኔ ደግፌ አወርድሃለሁ።»

አንድ ሰው። ባየ ቅሬታ ሊለምን መንደሩን ዞረ፤ እንዲህ ያለ ሹም ማን ሰምቶ ያውቃል። ዱሮ ወንበሩን አጥቼ ቀረሁ ብሎ ያኮረፈውን ባዘዘውን ሳይቀር ተናገርብኝ አለው። ባዘዘው ሳቀና አንተ ስትወርድ እኔን ሊመርጡኝ ነው፣ አልሞኝም አለ። ሌሎቹም ከአንተ የባሰ ቢመጣስ ይላሉ። የቀረችው ካሰች ናት። እሷን መለመን አልቻለም፤ ግን መናገር ከሚገባው ሰው ሁሉ እሷ ትቀድማለች፣ ትናገራለችም ብሎ ተስፋ አደረገ።

መጋቢት ላይ አዳራሹ ሞላ። ገሠሠ በሊቀመንበሩ ላይ ቅሬታ ያለው አለ ወይ ብሎ ጠየቀ። አንድ ሽማግሌ ተነስተው ባየ ዶሮ እንኳ የማይቀበል ሰው ነው ብለው አመሰገኑ። ሌላውም አመሰገነ። ባየ አንገቱን ደፍቶ እንደ ስድብ ሰማቸው። ከዚያ ከሴቶቹ መካከል ካሰች እጇን አነሳች። ባየ ቀና አለ። በዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ደረቱ ቀለል አለው፤ ትናገርና ይውረድ፣ ትሰድበውና ይረፍ።

«እኔ ቅሬታ የለኝም» አለች ካሰች። ድምፅዋ ዝግ ያለ ነው። «ዕጣውን በእውነት ነው ያወጣው። ፊቱን ሲያዞር ቆሜ አይቻለሁ። ልጄ የሸሚዙን ቁልፍ ከተተ። የድሃው ልጅ ሁሉ የየራሱን ከተተ። የባየ ልጅ ተማሪ ስለነበረ ምንም አልከተተም። ይሁን፣ ደንብ ነው። ዘንድሮ ትምህርቱን ይጨርሳል አሉ፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ስለዚህ ባየ አይውረድብን። የሚመጣውንም ዕጣ እሱው በእጁ ያውጣልን።»

ተቀመጠች። ሰው አጨበጨበ፤ ግማሹ ገብቶት፣ ግማሹ ሳይገባው። ገሠሠ በሙሉ ድምፅ ብሎ ጻፈና ሊቀመንበሩ አንድ ቃል ይናገሩ አለ። ባየ ተነሳ። ማኅተሙ ደረቱ ላይ አለ፤ ለልጁም አንድ ወረቀት መጻፍ ይችላል፣ የኅብረት ሥራ ጥበቃ ነው ብሎ። አሁን ግን ሰው ሁሉ ሰምቷል። ስለጣላችሁብኝ እምነት አመሰግናለሁ አለ፤ ሁልጊዜ የሚባለው እሱ ስለሆነ። ወሰንየለሽን ከሴቶቹ መካከል በዓይኑ ፈለጋት። ነጠላዋን አጣፍታ ባሏን ሳታይ እየወጣች ነበር። ትምህርት ሊዘጋ፣ በላይነህም ተማሪ መሆኑ ሊያበቃ፣ ሦስት ወር ቀርቶታል።