የእማማ ወለተጻድቅ እጆች

በ1976 ክረምት ወንድይፍራው ካሜራ ከተሸከመ አሥራ ሁለት ዓመቱ ነበር። የአስኮ ልጅ ነው፤ በሙያው አይታማም፣ ይህንንም እሱ ራሱ አሳምሮ ያውቃል። መሥሪያ ቤቱ ስብሰባና ጭብጨባ እንዲቀርጽ ይልከዋል፤ እሱ ግን ከጭብጨባው ፊልም ይቆጥብና የሰው ኑሮ ይቀርጽበታል። «ጭብጨባ እንደሆነ አንዱን ያየ ሁሉንም አየ» ይላል።

በዚያ ክረምት ስለ ሥጋ ደዌ ሕሙማን ሊቀርጽ፣ ወደሚታከሙበት ሰፈር ወደ ዘነበወርቅ ሄደ። እንደ ልማዱ ሦስት ቀን ባዶ ካሜራ ይዞ ጥልፍ እየሠሩ ከሚኖሩት ሕሙማን ጋር ዋለ፤ ከገበታቸው በላ፤ ካሜራውን እስኪረሱት ጠበቀ። በአራተኛው ቀን ፊልም አጎረሰው።

ልቡ ያረፈው ለሕክምና ከጎጃም መጥተው እዚያው በቀሩት በእማማ ወለተጻድቅ ላይ ነበር። በሽታው ከለቀቃቸው ቆይቷል፤ ጣቶቻቸውን ግን አሳጥሮ ነው የሄደው። ሲጠልፉ እጃቸውን የሚስተካከለው የለም። እንግዳ ሲመጣ ግን ያው እጅ ነጠላቸው ውስጥ ይደበቃል።

«ቅረጸኝ» አሉት፤ «ግን ፊቴን አሳይተህ እጄን እንዳትቆርጠው። በእጄ ካፈርክ እኔንም ተወኝ።»

«እጅዎ ካልታየ ምኑን ፊልም ሆነ፣ እማማ? ቃሌ ነው።»

ቃሉን መስጠት ቀላል ነበር። አለቃው ጓድ ሰብስቤ ግን መቀስ ይወዳል፤ ለአብዮቱ አሥረኛ ዓመት በዓል እንዲህ ያለ እጅ እንደማያሳልፍ የታወቀ ነው። ወንድይፍራው አሰበበት። እማማ በዚያ ሳምንት የሚጠልፉት ቀበሌው ለበዓሉ ያዘዘውን የመፈክር ቀይ ጨርቅ ነበር። መርፌው ውስጥ ክር ሲያስገቡ መቅረጽ ጀመረ፣ በመፈክሩ ፊደሎች ላይ ከእጃቸው ጋር ተጓዘ፣ ቀና ሲሉ ፊታቸው ላይ ደረሰ። አንዴም አላቋረጠም።

ጓድ ሰብስቤ እንደተፈራው «እጁ ተቆርጦ ይውጣ» አለ።

«ይውጣ፣ ጓድ» አለ ወንድይፍራው ዘና ብሎ። «ግን ‹ኢትዮጵያ ትቅደም›ም አብሮ ይወጣል። ማን ቆረጠው ተብዬ ብጠየቅ ምን ልበል?»

ጓድ ሰብስቤ ግንባሩን ጠረገና ፈረመ።

መስከረም ላይ ፊልሙ ሲታይ የቀበሌው አዳራሽ ግጥም ብሎ ሞላ። ቀዩ ጨርቅ ከሸራው በላይ ተሰቅሏል። እማማ ከኋላ ተቀምጠዋል፤ እጃቸው ነጠላ ውስጥ ነው። እጆቹ ሸራው ላይ ሲወጡ ወንድይፍራው ያኔ ፈራ። መቀስ ያልነካውን እጅ ሰው በሳቅ ሊቆርጠው ይችላል።

«እንዴ! ይሄ እኮ ያ ነው!» አለች ተሻለች የምትባል የሰፈር ሴት፣ ወደተሰቀለው ጨርቅ እየጠቆመች። ሰዉ ቀና አለ፤ ከዚያ ዞሮ እማማን ፈለገ። ማንም ሳያዝዝ ጭብጨባው ተነሣ። እማማ ወለተጻድቅም ሁለት እጆቻቸውን ከነጠላቸው አውጥተው አብረው አጨበጨቡ።

ወንድይፍራው የሚቀረጽ ጭብጨባ በዕድሜው ገና አሁን አየ። ካሜራው ግን ቤት ቀርቷል።