ሰባት ቤት ለማስቆጠር ወደ ነታንያ

ንጋት፣ ቤርሼባ

ጎህ ሳይቀድ ባቡር ላይ ነኝ። በአርባ ሦስት ዓመቴ ሴት ወድጄ የማላውቅ ሰው፣ ሸሚዜን ሁለቴ ተኩሼ፣ አበባ ታቅፌ ወደ ነታንያ እየሄድኩ ነው። ያልጋነሽን ያገኘኋት ባለፈው የስግድ በዓል ኢየሩሳሌም ነው፤ አንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጥን፣ ከዚያ ወዲህ ስልክ ብቻ። እናቷን ስታስታምም ዕድሜዋ የሄደ ሴት ናት። እኔም እራቴን ብቻዬን የምበላ ነኝ። በእኛ በቤተ እስራኤል ወግ እስከ ሰባት ቤት የሚዛመዱ አይጋቡም። አጎቷ አባ ታረቀ፣ “ዘር በስልክ አይቆጠርም፤ ይምጣ” አሉ። ዘመዳሞች ከሆንን አለቀልን።

ረፋድ፣ ዶራ

የታክሲው ሹፌር “አበባው ለማን ነው?” አለኝ። አፍሬ “ለሽማግሌ” አልኩት። ሳቀብኝ።

ዶራ የሚባለው የነታንያ ሰፈር ጎን ለጎን የቆሙ ያረጁ ሕንፃዎች፣ በየበረንዳው የተሰጣ ልብስ ነው። ያልጋነሽ በሩን ከፈተች። “ሻሎም” ተባባልን። ጨነቀኝና አበባውን እውነትም ውስጥ ለተቀመጡት አጎቷ ሰጠኋቸው።

“በል ልጄ፣ የአባትህን ቤት ቁጠር” አሉኝ። አራተኛው ላይ ጠፋብኝ። ዓይናቸውን ጨፍነው እሳቸው ቀጠሉልኝ። ጉድ ነው እኮ። የማላውቃቸውን የገዛ ሰዎቼን፣ ቀጥቃጩን፣ ሸማኔውን፣ በክፉ ቀን ልጅ አዝላ የተሰደደችውን፣ እያንዳንዱን ከነመንደሩ ጠሩልኝ። ያ ሁሉ ሰው ተፈላልጎ ተጋብቶ ነው እኔ እዚያ ወንበር ላይ የተቀመጥኩት።

የእናቴን ወገንም ቆጠሩና “በእናትህ በኩል ወለቃ መንደር ላይ ትገናኛላችሁ” አሉ። ያልጋነሽ መሬት መሬት ታያለች። በጣታቸው እንደገና ቆጠሩ።

“ስምንተኛ ቤት ነው” አሉ። “አልፏል። ትችላላችሁ።”

ከሰዓት፣ ባሕሩ ዳር

ገደሉ ጫፍ ላይ ቆመናል። ከታች ባሕሩ፣ ማለቂያ የለው። እንዲህ ያለ ሰማያዊ አይቼ አላውቅም። አሁን ከልካይ የለንም፤ እኛ ግን በመካከላችን ሌላ ሰው የሚያስቆም ቦታ ትተናል።

“ዘመድ ብንሆን ይቀል ነበር” አልኩ፣ የምለው ሲጠፋኝ። “ቢያንስ እየመጣሁ እጠይቅሽ ነበር።”

“ዘመድማ አለኝ” አለች ባሕሩን እያየች። “ሰው ነው የሌለኝ።”

“እኔ አለሁ” አልኳት። ይህን ቃል ለማንም ብዬ አላውቅም ነበር።