እትዬ የሰረዙት መስመር

በፖሊስ ጣቢያችን ጡረታ እስኪወጡ ድረስ ደብዳቤና መግለጫ የጻፉትን ሴት ሁሉም «እትዬ ስርዝ ድልዝ» ይላቸው ነበር። ስሙ የወጣላቸው ስርዝ ድልዝ ስለሚጠሉ ነው። አንድ ፊደል ከሳቱ ወረቀቱን ከጽሕፈት መኪናው መዥርጠው አውጥተው እንደገና ሀ ብለው ይጀምራሉ። መርማሪዎቹ፣ «እትዬ፣ ሰው እኮ ይሳሳታል» ሲሏቸው፣ «ሰው ይሳሳት፤ ወረቀት ግን ምስክር ነው» ይላሉ።

እኔ የበሩ ዘበኛ ነበርኩ። ፊደል የቆጠርኩት በሃምሳ አንድ ዓመቴ፣ በእሳቸው እጅ ነው። በተበላሸው ወረቀት ጀርባ ላይ ያስጽፉኛል። «ጋሼ፣ ዛሬም የ‹ሰ›ን አንድ እግር አሳጥረው አስነከሷት!» ይሉኝ ነበር።

አንድ ጠዋት አንዲት ሴት አስገድዶ የደፈረ ሰው ተያዘ። ሴትየዋን እዚህ ጫማ ሰፊ እላታለሁ፤ እውነተኛ ሙያዋ ከእኔ ጋር ይቀበራል። አዛዡ በሰውየው መያዝ ደስ ብሎት መግለጫ አስጻፈ፤ ፈርሞም ማኅተም አሳረፈበት። የሬዲዮው ጋዜጠኛ በር ላይ ይጠብቅ ነበር። እትዬ ወረቀቱን እንዳደርስለት ሰጡኝና፣ «በመጀመሪያ አንዴ ያንብቡልኝ፤ የዛሬ ትምህርትዎ ይሁን» አሉኝ።

ጣቴን ከቃል ወደ ቃል እያስኬድኩ ጀመርኩ። «ስሟ... ለክብሯ ሲባል... ያልተገለጸው... ከወፍጮ ቤቱ ጎን... ብቻዋን የምትኖር... ጫማ ሰፊ...»

«ውይ ልጄን!» አልኩ። «ይቺማ የኛዋ ናት! ይህን ጫማዬን የሰፋችልኝ!»

የእትዬ ፊት አመድ መሰለ። የጻፉት ራሳቸው ናቸው፤ ፊደሉን ሲጠብቁ ሴትየዋ አምልጣቸዋለች። እጄን ይዘው አዛዡ ክፍል ገቡ።

«ስሟን አልጻፍንም እኮ!» አለ አዛዡ።

«ጋሼ፣ ያንብቡላቸው።»

አነበብኩለት።

«ፊደል ከያዝክ ስንት ጊዜህ ነው?»

«ሰባት ወር ሆነኝ።»

«ታዲያ ሴትየዋን አወቅካት?»

«ጌታዬ፣ የተንገዳገድኩት በፊደሉ ነው እንጂ በእሷ አይደለም።»

«ገና የሚኮላተፉት ጋሼ ካወቋት፣ ከተማው በአንድ ትንፋሽ ያውቃታል» አሉ እትዬ። እስክሪብቶ አነሱና የተፈረመበትን፣ የታተመበትን ወረቀት ከዳር እስከ ዳር ሰረዙት።

«እትዬ! ይህ እኮ ያስጠይቅዎታል!» አለ አዛዡ።

«ያስጠይቀኝ። እሷ ግን ነገ አንገቷን ሳትደፋ ሱቋን ትክፈት።»

አዛዡ የተሰረዘውን ወረቀት አጣጠፈ። ዓይኑ ጫማዬ ላይ ነበር። «በአዲስ ይጻፉት» አለ በመጨረሻ። «‹አንዲት ሴት› ይበቃል።»

በማግስቱ ወደ ሱቋ ሄድኩ። ሬዲዮው ወሬውን ያወራል። አንድ እግሯ ባዶውን የተቀመጠች ደንበኛ፣ «ወይኔ! ማን ትሆን ምስኪን?» አለች።

መዶሻው አየር ላይ ቀረ። ጫማ ሰፊዋ አየችኝ።

«ማን ያውቃል» አልኩ። «ለእኛስ በር ጠባቂዎች ማን ይነግረናል?»

መዶሻው ወረደ። ደንበኛዋ ከሄደች በኋላ፣ «ጋሼ፣ ጫማዎ ደግሞ ምን ሆነ?» አለችኝ።

«ምንም አልሆነም። እትዬ ሱቁ መከፈቱን አይተው ይምጡ ብለውኝ ነው።»

ክሩን በጥርሷ በጠሰችና፣ «ተከፍቷል ይበሏቸው» አለች።