ሁለት መምህራን በአንድ ሰሌዳ

በዩኒቨርሲቲያችን ጂኦግራፊ ትምህርት ክፍል ውስጥ በዕድሜ ከሁሉም ታናሽ ነበርኩ። ታናሽ መሆን በወላይታ ሶዶ ጥቅም አለው፤ ሰው «ልጄ» ብሎ ያቀርብሻል፣ ሻይ ስትጠጪ ሂሳብ አያስከፍልሽም። ጉዳቱ አንድ ነው፤ ማንም የማይፈልገው ሥራ ዞሮ ዞሮ አንቺ ጋ ይመጣል። ኃላፊያችን አንድ ቀን ቢሮው ጠራኝና ወንበር እንኳ ሳልስብ፣ «የዚህን ሴሚስተር ስኬጁል አንቺ ትሠሪልናለሽ» አለኝ።

«እኔ? ሠርቼ አላውቅም እኮ!»

«ለዚህ እኮ ነው የጠራሁሽ። አንዴ የሠራው ሰው ሁለተኛ እሺ አይልም።»

ስኬጁል ማለት ማን፣ ምን፣ መቼ፣ የት እንደሚያስተምር መደልደል ነው። ሲወራ ቀላል ነው። እኔም ቀላል መስሎኝ በቴሌግራም ግሩፓችን ላይ «የማይመቻችሁ ሰዓት ካለ ንገሩኝ» ብዬ ለጠፍኩ። ይህችን ዓረፍተ ነገር ማንም ለማንም እንዳይጽፋት እመክራለሁ።

ቤሌ ከተማ ቤተሰብ ያለው መምህር ሰኞ ጠዋት አይሆንልኝም አለ። ቅዳሜና እሁድ እንሰቱን ሲያይ ሰንብቶ የሚመለሰው ሰኞ ነው፤ አውቶቡሱ ደግሞ ካልሞላ አይነቃነቅም። መዘምራን የሚያሠለጥነው ከሰዓት በኋላ ልምምድ አለብኝ አለ። የምታጠባዋ መምህርት ረፋድ ላይ ቤት ደርሳ መመለስ አለባት፤ እሷን ያለ ክርክር ተቀበልኳት። አንዱ ግን ምክንያትም አልሰጠ፣ «ማክሰኞን ተዪልኝ» ብቻ አለ።

«ለምን?»

«ማክሰኞ ደስ አይለኝም።»

ጠዋት ሦስት ሰዓትን ሁሉም ይፈልጋል። ከምሳ በኋላ ያለውን ስምንት ሰዓትን ግን የሚጠይቅ አጣሁ። ኮምፒውተሬ ላይ ያለው ሰንጠረዥ በግራ በኩል ጢም ብሎ ሞልቶ በቀኝ በኩል ባዶውን ቀረ።

ያልጠየቅኳቸው ሁለት አንጋፋዎች ነበሩ። አንደኛው የካርታ ትምህርት የሚሰጡት ናቸው፤ የሶዶ ተወላጅ፣ የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ። ሁለተኛው የአየር ንብረት መምህሩ ናቸው፤ አባታቸው ከስልጤ መጥተው ገበያው አጠገብ ጨርቅ ቤት የከፈቱ፣ እሳቸው ግን እዚሁ ተወልደው የወላይታን ቋንቋ ከብዙዎቻችን አሳምረው የሚናገሩ። ሁለቱ አንድ ቢሮ ይጋራሉ፤ ለዓመታት ግን ተነጋግረው አያውቁም።

የተጣሉት በመስኮት ነው። የካርታው መምህር አየር ካልገባ እታፈናለሁ ብለው ይከፍታሉ፤ የአየር ንብረቱ መምህር ከደሞታ ተራራ የሚወርደው ነፋስ ትከሻዬን ገደለው ብለው ይዘጋሉ። አንዱ ሲከፍት፣ ሌላው ሲዘጋ መስኮቱ ተገንጥሎ ወደቀ። ከዚያ ወዲህ ነፋሱ እንደ ልቡ ይገባል፤ የተዘጋው ንግግራቸው ነው። ድሮ «አንተ» ይባባሉ የነበሩ ሰዎች፣ «እሳቸው» መባባል ጀመሩ። እንዲህ ያለ ቀዝቃዛ አክብሮት በሕይወቴ አይቼ አላውቅም።

ቢሯቸው ስገባ ጉዳዬን እንኳ ሳልናገር የካርታው መምህር፣ «ልጄ፣ ለእሳቸው ንገሪልኝ፤ ቦርሳቸው መተላለፊያ ላይ ነው» አሉኝ።

ባለ ቦርሳው ከኔ አንድ ክንድ ርቀው ተቀምጠዋል። ቢሆንም ሥርዓት ነውና ዞሬ፣ «ቦርሳዎ መተላለፊያ ላይ ነው ብለዋል» አልኳቸው።

«ሰምቻለሁ በያቸው» አሉና ቦርሳቸውን አነሱ።

ስለ ሰዓት ስጠይቃቸው ሁለቱም የመረጡት ረቡዕ ሦስት ሰዓትን ነበር። ትምህርታቸው የተለያየ፣ ተማሪዎቻቸውም የአንደኛና የሦስተኛ ዓመት ስለሆኑ የካርታውን መምህር ክፍል ሰባት፣ የአየር ንብረቱን መምህር ክፍል አሥራ ሁለት መደብኩ። ሁለቱም አመሰገኑኝ። ለሰው ሁሉ የሚመች ነገር የሠራሁ መስሎኝ ያን ቀን ከሥራ ስወጣ ባጃጅ ውስጥ ለብቻዬ ፈገግ እል ነበር።

የማላውቀው አንድ ነገር ነበር። ክረምቱን ሕንጻዎቹ ቀለም ሲቀቡ የክፍሎቹ ቁጥር ተቀይሯል። ቀቢዎቹ ደግሞ የቀየሩት በር ላይ ያለውን ብቻ ነው። አንዱ ክፍል በሩ ላይ አዲሱ ሰባት ቁጥር ተጽፎበት፣ ውስጡ ከሰሌዳው በላይ አሮጌው አሥራ ሁለት እንዳለ ቀርቷል።

የመጀመሪያው ረቡዕ ሦስት ሰዓት ካለፈ በኋላ የአንደኛ ዓመት ተማሪዎች ተጠሪ የሆነችው ልጅ ደወለችልኝ። «ቲቸር፣ ቶሎ ነይ! ሁለት ቲቸር አንድ ክፍል ገብቷል!»

ሮጥኩ። በሩ ላይ ተማሪ ታጭቋል፤ አንድ ወንበር ለሁለት የተቀመጠ አለ፣ መስኮት ላይ የወጣ አለ። ሰሌዳው መሐሉ ላይ በጠመኔ መስመር ለሁለት ተከፍሏል። በግራ በኩል የካርታው መምህር፣ በቀኝ በኩል የአየር ንብረቱ መምህር ጀርባና ጀርባ ተሰጣጥተው ይጽፋሉ።

«ልጄ፣ እንኳን መጣሽ» አሉ የካርታው መምህር። «በሩ ላይ ሰባት ነው የሚለው። ይህንን ለእሳቸው ንገሪያቸው።»

«በር የሚነበበው ውጭ ላለ ሰው ነው በያቸው» አሉ የአየር ንብረቱ መምህር፣ ጠመኔያቸውን ወደ ላይ ቀስረው። «እኔ ውስጥ ነኝ። ውስጥ ደግሞ አሥራ ሁለት ነው የሚለው።»

ሁለቱም ልክ ነበሩ። ይህ ነው ያስጨነቀኝ። ከሁለት አንዱ ተሳስቶ ቢሆን ይቅርታ ብዬ አስወጣ ነበር፤ ልክ የሆነን ሽማግሌ በምን አፌ ውጡ እላለሁ? በሩ ላይ ቆሜ ቀረሁ፤ እነሱም ማስተማራቸውን ቀጠሉ። አንዱ ድምፁን ከፍ ሲያደርግ ሌላው ይጨምራል፤ የሰንበት ገበያ ይመስል ነበር። ተማሪው አንገቱን ወዲያና ወዲህ ሲያዞር ዋለ።

የካርታው መምህር የወላይታን ካርታ እየሳሉ ነው። የአየር ንብረቱ መምህር ዝናብ ተራራን እንዴት እንደሚወጣ ሊያሳዩ ደሞታን ሥለው ደመና ጫኑበት፤ እግሩ ሥርም ሶዶን አስቀመጡ። መሐል የተቀመጠ ተማሪ እጁን አወጣ። የማን ተማሪ እንደሆነ እሱ ራሱ የሚያውቅ አይመስለኝም።

«ቲቸር፣ ሶዶ ሁለት ነው እንዴ? እዚህ ሶዶ ከተራራው በደቡብ ነው። እዚያ ግን በሰሜን ነው።»

የካርታው መምህር ቀስ ብለው ዞሩ፤ የጎረቤታቸውን ሰሌዳ መነጽራቸውን ከፍ ዝቅ እያደረጉ አዩት። እኔን በዓይናቸው ፈለጉኝ፤ መልእክት ሊልኩኝ ነው ብዬ ተዘጋጀሁ። ግን አልቻሉም፣ ነገሩ ከትዕግሥታቸው በላይ ሆነ።

«ሰው የተወለደበትን ከተማ ያጠፋል?» አሉ በቀጥታ ወደ ሰውዬው። «ሶዶን ወስደህ ከተራራው ጀርባ ትጥላታለህ?»

«እኔ የሳልኩት ነፋሱን ነው እንጂ ከተማውን አይደለም!»

«ከተማው ከሌለ ነፋሱ ማንን ሊመታ ነው?»

«አንተን!» አሉ የአየር ንብረቱ መምህር።

«አንተን» የምትለው ቃል ከአፋቸው ስትወጣ ራሳቸውም ደነገጡ። ከዚያ ሳቃቸው መጣ። የካርታው መምህር መጀመሪያ ሊቋቋሙት ሞከሩ፤ ትከሻቸው መንቀጥቀጥ ሲጀምር ግን ተማሪው ሁሉ አብሯቸው ፈነዳ። በስተመጨረሻ የካርታው መምህር ሄደው ሶዶን በክንዳቸው አጥፍተው በቦታዋ መለሷት፤ የአየር ንብረቱ መምህር ደግሞ ወደ ግራው ሰሌዳ ተሻግረው ካርታው ላይ ደመና አከሉበት። የቀረውን ሰዓት ደሞታን እየተቀባበሉ አስተማሩ። እኔ ራሴ ሳላውቀው ቁጭ ብዬ ማስታወሻ ይዣለሁ።

ከክፍል እንደወጡ ትከሻ ለትከሻ ሆነው ቢሮዬ መጡ። ክፍሎቹን እንደምለይላቸው ልነግራቸው አፌን ስከፍት፣ «ይሄ ምን ዓይነት ስኬጁል ነው?» አሉ አንደኛው። «ልጆቹ ቆመው ተማሩ እኮ!» አሉ ሌላኛው። ለዓመታት ያልተነጋገሩ ሰዎች እኔን ለመቆጣት ተስማሙ።

«ለሚቀጥለው ረቡዕ በተለያየ ክፍል...»

«ማን ለዪን አለሽ? ሰፊ አዳራሽ ስጪን።»

የአንደኛና የሦስተኛ ዓመት ተማሪ አንድ ላይ አይማርም ብል የሚሰማኝ ጠፋ። በመጨረሻ የተስማማነው፣ ክፍሎቹ እንዲለዩ፣ በየወሩ የመጨረሻ ረቡዕ ግን በአዳራሽ እንዲገናኙ ነው። ከዚያ ከግቢው በር ፊት ለፊት ወዳለች ምግብ ቤት ጎትተው ወሰዱኝና የተቀቀለ የቦዬ ሥር በሚያቃጥል ዳጣ አዘዙ። ዳጣው ዓይኔን ሲያስለቅሰኝ እነሱ ስለ ተማሪነት ዘመናቸው ያወራሉ፤ እኔን ረስተውኛል። ደስ አለኝ፤ በጣም ደስ አለኝ።

ወሬው ኃላፊያችን ጋ ሲደርስ ተለውጦ ነው የደረሰው። «ሽማግሌ ልከን፣ ፓስተር ልከን፣ የሱቅ ጎረቤቶቻቸውን ልከን ያልሆነውን አንቺ በስኬጁል አስታረቅሽ!» አለኝ። ስለ ቀለም ቀቢዎቹ ላስረዳው ብሞክር ትሕትና መሰለው። በሚቀጥለው ሴሚስተር የመላውን ኮሌጅ ስኬጁል እንድሠራ ስሜን አሳልፎ ሰጠ።

ሥራውን በጀመርኩበት ሳምንት ከሌላ ትምህርት ክፍል አንዲት መምህርት በሩን ዘግታ ገባች። ወንበር ስባ ተቀመጠችና ድምፅዋን ቀንሳ፣ «ሰው ታስታርቂያለሽ አሉ» አለችኝ።

«ኧረ እኔ...»

«እኔ ከባልደረባዬ ጋር ተጣልቻለሁ፤ መታረቅም አልፈልግም። እባክሽ እህቴ፣ የተለያየ ሕንጻ ላይ አድርጊን።»

ሰዓት ስጠይቃት ምንም ይሁን አለችኝ። ስምንት ሰዓትን ሰጠኋት፤ መርቃኝ ወጣች።