ደምለው ፊቱ የታየ ዕለት

ደምለው የሷሊህን ሱቅ በር በትከሻው ገፍቶ ገባና ከሰሊጡ ጆንያ ጀርባ ተወሸቀ። አንድ እግር ጫማው የለም። ጣሊያን መተማ ገበያ መሀል በወጠረው ነጭ አቡጀዲ ላይ ገና አሁን ራሱን በሲኒማ አይቶ ነው የሮጠው። የገበያው ሰውም አይቶታል። ከሁሉ የከፋው ደግሞ ሚስቱ ካሰች አይታዋለች።

«ምነው ያ ዞል፣ ምነው አንተ ሰው፣ ጅብ አባረረህ እንዴ?» አለ ሷሊህ ሚዛኑን እያስቀመጠ።

«ጅብ ቢሆንማ እንደሱ ጮኼ ዘመድ ነኝ እለው ነበር።»

እውነቱን ነው። ጣሊያን ሳይገባ በፊት ደምለው በየሰርጉ ጅብ፣ ግመል፣ ጭቃ ሹም እየሆነ ሰው ያስቅ ነበር። ከሽንፋ እስከ ገለጉ ያለ ደምለው ድግስ አይደምቅም ይባላል። የሚለው ግን ራሱ ደምለው ነው። ጣሊያን ካሜራ ይዞ ሲመጣ ደረቱን ነፍቶ ቀረበ፤ እነሱ የፈለጉት ጀርባውን ሆነ። በአንዱ ሲኒማ ጎንበስ ብሎ መንገድ ቆፈረ። በሌላው ብርድ ልብስ ተከናንቦ ታመመ። አንዴም የሞተ ሽፍታ ሆኖ ሜዳ ላይ ተደፋ፤ ዝንብ ጆሮው ውስጥ ስትገባ እንኳ ንቅንቅ ሳይል አሳምሮ ሞተ። ሲታይ ግን አቧራ ብቻ ነው። ካሰች «አንተ ነህ ወይስ ጉቶ ነው?» ብላ ስትስቅበት ሰነበተች፤ እሱም አኮረፋት።

ከዚያ በኋላ ነው «እባካችሁ ፊቴን አሳዩልኝ» ብሎ የለመነ። ለመነ፣ አገኘም። «እጁን የሚሰጥ ሽፍታ ሁን» አለው አስተርጓሚው። ደምለው እጁን ብቻ ሰጥቶ ቢቀመጥ ምን ነበረበት? «በኛ አገር እንዲህ አይገባም» ብሎ አስተማራቸው። ማረኝ የሚል ሰው ድንጋይ አንገቱ ላይ ተሸክሞ፣ ጎንበስ ብሎ ነው። ድንጋዩንም ራሱ መረጠ፤ ትልቁን። ማንም ሳይጠይቀው እንባ ጨመረበት።

«ከሱቄ በር ላይ ሆኜ አየሁህ» አለ ሷሊህ። «ወላሂ፣ እኔ ልምርህ ምንም አልቀረኝ።»

«አትቀልድ ሷሊህ። ያረጋል ይሰማል።»

ያረጋል የካሰች ታላቅ ወንድም ነው፤ እህቱን ለደምለው የዳረ፣ ጣሊያን ሲመጣም አርበኛ ሆኖ ጫካ የገባ። ለጣሊያን የገባ ዘመድ ካገኘ ከጠላቱ አስቀድሞ እሱን ነው የሚተኩስበት።

«ጨዋታ ነው በለው።»

«በድንጋይ ምን ጨዋታ አለ? ያውም ለጣሊያን?»

ካሰች ገባች። የወደቀ ጫማውን ይዛ መጥታ እግሩ ስር ጣለችለት።

«ነገ ጎህ ሲቀድ ወንድሜ ዘንድ እንሄዳለን። ድንጋይ ትሸከማለህ።»

«ይምረኛል?»

«ሳትሸከም ብትሄድ ይገድልሃል። እንደ ሲኒማው አሳምረህ ብትሸከም ደግሞ ለጣሊያን ያለቀሰውን ለኔም አመጣው ይላል።»

ደምለው ከጆንያው ጀርባ ወጣ። አንገቱን ሰብሮ ጎንበስ አለ።

«እሱ የሲኒማው ነው» አለች ካሰች።

ቀና አለ። ፊቱን አጨፍግጎ እንደገና ጎነበሰ።

«እሱም ያው ነው» አለ ሷሊህ፤ አሁን አልሳቀም።

ደምለው እንደጎነበሰ ቀረ። ጅብ መሆን ያውቃል፣ ግመል መሆን ያውቃል፣ ሬሳ መሆንም ያውቃል። ነገ ያረጋል ፊት እንዴት አድርጎ እንደሚጎነብስ ግን አያውቅም።