ለአባቴ አሳስቼ የተረጎምኩት ስንብት

ለወላጆቻችሁ እያስተረጎማችሁ ካደጋችሁ፣ ሆን ብላችሁ አሳስታችሁ የተረጎማችሁበት ቀን የለም? ባለፈው ሳምንት በማስተምርበት ትምህርት ቤት አንዲት ልጅ የሒሳብ መምህሯን ወቀሳ ለእናቷ በአማርኛ ምስጋና አድርጋ ስትነግራት ከጎን ሰማሁ። ሳቄ መጣ፤ ወዲያው ግን አባቴ ትዝ አለኝ።

ያኔ ከአገር ወጥተን ቡሪየን በምትባል ከተማ እንኖር ነበር፤ እኔና እሱ ብቻ። እሱ ኤርፖርት ሻንጣ ይጭናል። እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሽሯችንን በቃሪያ በልተን፣ ስለ አንድ ከብት አርቢ ቤተሰብ የሚተርክ የቴሌቪዥን ድራማ እናያለን። ካውቦይ አለ ተብሎ ተኩስ እንዳይጠበቅ፤ አጥር ይጠገናል፣ ፈረስ ይጫናል፣ ሰዎቹ ብዙውን ጊዜ ዝም ይላሉ። አባቴ የወደደው ለዚህ ይመስለኛል። ዝምታ አስተርጓሚ አይፈልግም። የቀረውን እኔ እነግረዋለሁ።

አሳስቼ በተረጎምኩለት እሑድ፣ ከተራራው ማዶ ያለ ዩኒቨርሲቲ ከተቀበለኝ ሦስት ሳምንት ሆኖኝ ነበር። መልስ የምሰጥበት የመጨረሻ ቀን ማግስቱ ሰኞ ነው። ለአባቴ ግን ትንፍሽ አላልኩም፤ ብቻህን ትቼህ ልሄድ ነው እንዴት ይባላል?

በድራማው ልጅቷ አባቷ ፊት ቆማ፣ ቤቱን ለቃ የራሷን ኑሮ ልትሞክር እንደሆነ ነገረችው።

"ምን አለች?" አለኝ አባቴ።

"ከተማ ደርሼ ልምጣ ነው የምትለው።"

"ሂጂ ወዲያ! ደርሳ ለምትመለስ ያ ሁሉ ብርድ ልብስ ምን ያደርግላታል? ፈረሱ ላይ አታዪም?"

ዓይኔን ፈረሱ ላይ ተከልኩ።

"አባትየውም ገብቶታል" አለ። "ከፍቶታል፤ ግን ኮርቻዋን እያጠበቀላት ነው።"

ከዚያ በላይ አልቻልኩም። "እ... አባዬ፣ እኔንም ዩኒቨርሲቲ ተቀብሎኛል። ሩቅ ነው። ነገ መልስ ካልሰጠሁ ያልፈኛል።"

የቴሌቪዥኑን ድምፅ አጠፋ። "በመኪና ስንት ሰዓት ነው?"

"አምስት።"

"ተራራው በረዶ አለው፤ በኔ ጎማ አይሞከርም። እናስቀይራለን።" ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ፣ "መቼ ነው የተቀበሉሽ?" አለ።

"ሦስት ሳምንት ሆነኝ።"

"ሦስት ሳምንት ሙሉ ብቻሽን ተሸክመሽው?" ድምፁ ተሰበረ። ያን ቀን ያስከፋሁት በመሄዴ አልነበረም።

አስተማሪ ነኝና ማስረዳት እወዳለሁ፤ ይህን ለመረዳት ግን ዓመታት ፈጅቶብኛል። አባቴን ከክፉ ወሬ የጠበቅሁት መስሎኝ፣ ለካ ከኔ ጎን የመቆም ዕድሉን ነበር የነፈግሁት። እናንተም ለምትወዱት ሰው አለስልሳችሁ ያቆያችሁት ነገር ካለ፣ እስቲ ዛሬ እንዳለ ንገሩት። ከዚያ አፋችሁን ያዙና እሱ ይናገር።