ፊት የሌለበት ፊልም

የጋለ አስፋልትና የናፍጣ ሽታ አንድ ላይ ሲመጣብኝ ዛሬም ሰመራ ሻይ ቤት የነበራቸው አንዲት የወሎ ሴት ትዝ ይሉኛል፤ በሕይወቴ በደልኳቸው ከምላቸው ሰዎች የመጀመሪያዋ እሳቸው ናቸው።

ያኔ ሃያ አምስት ዓመት አልሞላኝም። አዋሽ ከተማ አንዲት ክፍል ተከራይቼ፣ በውሰት ካሜራ የጅቡቲን መንገድ እመላለስበት ነበር። የምሠራው ፊልም ሌላው ከሚሠራው የተለየ ነው። የሰው ፊት አላነሳም። ሰዎች ያለፈባቸውን ሲያወሩ ድምፃቸውን እቀዳና፣ ነገሩ የደረሰበትን ቦታ ብቻ አሳያለሁ፤ ሜዳውን፣ ድንጋዩን፣ ነፋስ የሚያንገላታውን ቁጥቋጦ። «መሬት ያስታውሳል» እል ነበር፣ ብዙ እንደኖረ ሰው።

ሴትዮዋ ከስንት ልመና በኋላ እሺ አሉኝና አብረን ገዋኔ ሄድን። ከከተማው ወጣ ብሎ መንገድ ዳር ቆመው፣ ሾፌር የነበረው ባላቸው መኪናው ተገልብጦ እንዴት እንደሞተ፣ እዚያው አካባቢ እንዴት እንደተቀበረ ነገሩኝ። ነፋሱ ሻሻቸውን ያርገበግበዋል፤ ድምፃቸው ግን አልተንቀጠቀጠም። ሲጨርሱ ክንዴን ያዙኝ።

«ልጄ አባቷ ጅቡቲ የሚሠራ ነው የሚመስላት። ሕፃን ሆና የጭነት መኪና ባለፈ ቁጥር እየሮጠች ስትወጣብኝ ‹ይመጣል› አልኳት። አንዴ ካልኩ በኋላ በምን አፌ ልመልሰው? እኔው እነግራታለሁ፣ ኢንሻአላህ። እስከዚያ አደራህን፣ እዚህም ሰመራም እንዳታሳየው።»

«እናቴ ትሙት አላሳይም፣ እትዬ» አልኳቸው።

ዓመት ሳይሞላ አሳየሁት። እዚያው ሰመራ፣ የአንድ ትምህርት ቤት መምህራን ፊልሙን ለተማሪዎች አሳይልን ሲሉኝ መመስገን አማረኝ። ፊታቸው የለበት፣ ስማቸው የለበት፣ ማን ያውቃቸዋል ብዬ ራሴን አታለልኩ። አዳራሹ በሙቀት ታፍኖ፣ ማራገቢያው ይንቋቋል። ባዶው መንገድ ታየ፤ ድምፃቸው ተከተለ። ከመሀል አንዲት ልጅ ብድግ አለች።

«እማዬ ናት!»

ጓደኛዋ ቀሚሷን ይዛ ልታስቀምጣት ሞከረች። ልጅቷ ግን እንደቆመች እስከ መጨረሻው ሰማች። ማጥፊያው እጄ ሥር ነበር። ለምን እንዳላጠፋሁት ምን ልበልህ? አዳራሹ ጸጥ ሲል ለአፍታ ደስ እንዳለኝ ግን አልረሳውም።

በማግስቱ ይቅርታ ልጠይቅ ሄድኩ። እናትየው ብርጭቆ እያጠቡ ነበር፤ ቀና ብለው አላዩኝም።

«ፈተናዋን ስትጨርስ ልነግራት ነበር» አሉ። «አቅፌ ልነግራት ነበር።»

ልጅቷ ከጓዳ ወጣች። ዓይኗ አብጧል። «ፊልሙ ላይ ድንጋዩ ሁሉ አንድ ዓይነት ነው» አለችኝ። «የአባዬ መቃብር የትኛው ጋ ነው?»

አላውቀውም። ያን ቀን ያነሳሁት ብርሃኑ ያማረበትን ወገን ነበር፤ መቃብሩ የት እንደሆነ እንኳ አልጠየቅኩም።

እናትየው እጃቸውን አደራርቀው የልጅቷን እጅ ያዙ። «ነይ፣ እኔ አሳይሻለሁ» አሏት። ወደ ገዋኔ የሚሄድ መኪና አስቁመው ሲሳፈሩ፣ ልጅቷ እናቷን ከኋላ ደግፋ ስታወጣቸው አየሁ። ልከተላቸው አልደፈርኩም።